ወፏ ላይ የቆሙ ቲቪዎች

ሻርጃ፣ ጥቅምት 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አክስቴ ለወይዘሮ አልጣሽ አእምሮ
ላሊበላ

እንደምን ከረሙ ለማለት አፌ አልታዘዝ አለኝ። የከረሙበትን ማን አጥቶት! መድኃኔዓለም ያጽናዎት። የወንድሜን የምሥጋናውን ነፍስ ከደጋጎቹ ጋር ያኑርልን።

መርዶውን የነገረችኝ እናቴ ናት። ከብልባላ በጎረቤት ስልክ አስደውላ «የእህቴን ልጅ አፈር አለበስነው» አለችኝና መስመሩ ተቋረጠ። ከዚያ ወዲህ ስልክዎን ስንት ጊዜ አውጥቼ መልሼዋለሁ። ድምፅዎን መስማት ፈራሁ። ድሮ ቤትዎ ስመጣ «ድምፅ ይበራል፣ ወረቀት ይቀመጣል» ይሉኝ ስለነበር ይህችን ጽፌ ወደ አገር በሚገባው በምንይችል እጅ ልኬአለሁ። ለአርባው ተዝካር የምትሆን ትንሽ ነገርም አብሬ አስይዤዋለሁ። አነሰች ብለው አይዘኑብኝ።

ምሥጋናውን ካየሁት ስድስት ዓመት ሆኖኝ ነበር፤ ግን በየሳምንቱ እንነጋገር ነበር። ሁልጊዜ የሚያወራኝ ስለ ሥራው ነው። «ሙሌ፣ ዛሬ ደግሞ ምን አገኘሁ መሰለህ» ይለኛል። አሁን ሐሙስ ማታ ሲሆን ስልኬን እያየሁ እቀመጣለሁ።

እኔ ደኅና ነኝ። የቲቪ መጋዘኑ ውስጥ ከጫኝነት ወደ ፍተሻ ክፍል አሳድገውኛል። ቲቪዎቹ ከመላካቸው በፊት አብርቼ የማይ እኔ ነኝ።

አንድ ነገር ብቻ። ምሥጋናው ከኪሱ የማይለያት ጥቁር ፍላሽ ነበረችው። ካገኟት ለማንም አይስጡ።

የእህትዎ ልጅ
ሙሉሃብት ፈንታሁን


ላሊበላ፣ ኅዳር 5 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሙሉሃብት

ሰላምህ ይብዛ። በሰው አገር ያለህ ልጅ ነህና የቅዱስ ላሊበላ ቃል ኪዳን ከፊትህም ከኋላህም ይሁን። እኔ አለሁ። ቆሜ እሄዳለሁ፤ እህል እቀምሳለሁ። ከዚህ በላይ አትጠይቀኝ።

ደብዳቤህ የደረሰችኝ አርባው ካለፈ በስምንተኛው ቀን ነው። መንገድ ተዘግቶ ምንይችል ደሴ ላይ ሰንብቷል። የላክኸውን ለሰማንያው አኑሬዋለሁ፤ እግዜር ይስጥልኝ። መልሴ የዘገየው እጄ ስለዘገየ ነው። ያስተማሩኝ በመሠረተ ትምህርት ነው፣ እስከ አራት ብቻ። ጽፌ ስጨርስ ፀደይ በስልኳ ፎቶ አንስታ፣ ኔትወርክ በመጣ ቀን ትልክልሃለች።

ፀደይን አታውቃትም። እዚህ ቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ ኤሌክትሮኒክስ ታስተምራለች፤ ከሰዓት በኋላ ከምሥጋናው ጋር የቲቪ ጥገና ሱቁ ውስጥ ትሠራ ነበር። ሊጋቡ ነበር። ሽማግሌ ገና ስላልተላከ በለቅሶው ማንም አላጽናናትም። ከእኔ ጎን አስቀመጥኳት።

እንዴት እንደሞተ አልጠየቅኸኝም። ልንገርህ። ትርፍ አንጀት ነው አሉ። መንገዱ እስኪከፈት ሁለት ቀን ጠበቅን። በሦስተኛው ቀን መኪና አግኝተን ወደ ወልድያ ስንሄድ ጋሸና ላይ አረፈ። ራሱ ጭኔ ላይ ነበር። ሃያ ስድስት ዓመቱ።

ለለቅሶው «የአባቱን ጠመንጃ አውጪ» አሉኝ። ጠመንጃው የባሌ የአረጋ ነው፤ የልጄ መሣሪያ ይኸ አይደለም አልኩ። ካቻቢቴውን፣ ሊድ ማቅለጫውንና ከአንድ ቲቪ ሆድ የወጣች አረንጓዴ ሰሌዳ አውጥቼ በአልጋ አንሶላ ላይ ዘረጋሁ። አንዳንዱ ሰው ተንሾካሾከ። አልቃሿም መጀመሪያ ግራ ገባት። ኋላ ግን እንዲህ አለች፤

ሰው የቆለፈውን ሲፈታ የኖረ፣
ሞት ቢቆልፍበት ካቻቢቴው ቀረ።

ከዚያ ወዲያ የተንሾካሾከ የለም።

ሱቁን ዘግቼዋለሁ፤ ግን ሰው በሩ ላይ አይጠፋም። ሠላሳ አንድ ቲቪ ውስጥ ቆሟል፤ ሁሉም አንተ ከምትሠራበት መጋዘን የሚመጣው፣ ሲበራ መጀመሪያ ወፍ የሚያሳየው ነው። ሰው «ወፏ ቲቪ» ይለዋል። ርካሽ ስለሆነ ያልገዛ የለም። ካለፈው ክረምት ጀምሮ ግን ኔትወርክ በጠፋ ቁጥር ወፏ ላይ ይቆማል፤ አይሄድም፣ አይመለስም። ባለቤቶቹ ስማቸውን በነጭ ፕላስተር ለጥፈውበት ትተውት ሄደዋል። ምሥጋናው ከመታመሙ በፊት «እማ፣ መፍቻውን አግኝቼዋለሁ» ብሎኝ ነበር። ሳያሳየኝ ቀረ።

ፍላሽ ያልከውን አላየሁም። ሁለት ገጽ ሙሉ ስለ ልጄ በቀስታ ጽፈህ፣ ያቺን የመጨረሻ መስመር ግን እስክሪብቶው ወረቀቱን እስኪበሳ ተጭነሃታል። በጀርባ በኩል በጣቴ ዳሰስኳት። ምንድን ናት፣ ልጄ?

አክስትህ አልጣሽ


ሻርጃ፣ ኅዳር 28 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አክስቴ

በጤናዎ እንዲቆዩኝ ወደ ፈጣሪ እለምናለሁ። የጋሸናውን ሳነብ መጋዘኑ መጸዳጃ ቤት ገብቼ ነው ያለቀስኩ።

ስለ ፍላሿ ጠይቀውኛል። የምሥጋናው የሥራ ነገር ነው፣ ሌላ አይደለም። እያንዳንዱ ቲቪ እንደ አእምሮ የሚያገለግለው ፋይል አለው። ፈርምዌር ይባላል። የድርጅቱ ምስጢር ስለሆነ ተቆልፎ ነው የሚሰጠው። ያንን ፈትቶ መነካካት ክልክል ነው። ምሥጋናው ይህን አያውቅም ነበር ማለቴ ሳይሆን፣ ሊያስብበት ጊዜ አላገኘም። አሁን እሱ የለም፤ ነገሩም አብሮት ቢቀር ይሻላል።

ስለዚህ ፍላሿ ከተገኘች እሳት ውስጥ ይጣሏት። ለመላክ እንኳ አይድከሙ። ቲቪዎቹን ባለቤቶቹ ይውሰዷቸው፤ አዲስ አበባ ድርጅቱ የፈቀደለት አንድ ሱቅ አለ፣ እዚያ ያሠሯቸው። ለሰማንያው ሌላ ጨምሬ እልካለሁ። ለመቃብሩ ድንጋይም፣ ሐውልት ካሰቡ፣ ሙሉውን እኔ እችላለሁ።

እናቴን ካገኟት ጉልበቷ እንዴት እንደሆነ ይጻፉልኝ። ይህችን ደብዳቤ ካነበቧት በኋላ ያቃጥሏት።

ልጅዎ ሙሉሃብት


ላሊበላ፣ ጥር 18 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሙሉሃብት

ገናውም ጥምቀቱም አለፈ። እንደ ዓመት በዓሉ ሳይሆን እንደ አምላክ ቸርነት ዘንድሮንም አየን። ያንተን ዓመት ሁሉ ብርሃን ያድርገው።

ሐውልት አልፈልግም። ፍላሿን አግኝቻታለሁ፤ አላቃጠልኳትም። እንዴት እንዳገኘኋት ልንገርህ፣ ጥፋቱ የእኔ ነውና።

በአርባው ዕለት የልጄን ልብስ ሁሉ እንደ ደንቡ ለነፍስ አባቴ ለአባ በእውቀቱ ሰጠሁ። ኪስ አልፈተሽኩም። እንዴት ብዬ ልፈትሽ? እጄን ኪሱ ውስጥ ብከት የእሱን እጅ የማገኝ መሰለኝ። ደብዳቤህን ደጋግሜ ሳነብ ነው ጥቁሩ ጃኬት ትዝ ያለኝ። በማግስቱ ወደ ነአኩቶ ለአብ ገዳም ወረድኩ። አባ ከዋሻው አፍ ላይ ተቀምጠው ጃኬቱን ከቀሚሳቸው በላይ ደርበውታል። ተጠግቼ መስቀላቸውን ተሳለምኩ።

«አባ፣ አንድ ነገር ልለምንዎት መጣሁ።»

«ጃኬቱን ከሆነ፣ ለነፍስ የተሰጠ አይመለስም። ይህን አንቺው ታውቂያለሽ፣ አልጣሽ።»

«ጃኬቱ የእርስዎ ነው፣ ይሙቅዎት። በኪሱ ያለውን ነው።»

«ኪሱስ የጃኬቱ አይደለም?»

«ነው። እኔ ግን ያየሁትን ነው የሰጠሁ። ሰው ያላየውን እንዴት ይሰጣል? ያላየሁትን ኃጢአት ንስሐ ግቢ ብለውኝ ያውቃሉ?»

ሳቁ። ጥርሳቸው ሁለት ነው የቀረው። «አንቺ ቅኔ ቤት ገብተሽ ቢሆን መምህሩን ታስለቅሺው ነበር» አሉና ከመቋሚያቸው ጫፍ ላይ በክር የታሰረች ጥቁር ነገር ፈቱ። «መዝሙር ያለባት መስሎኝ ሬዲዮኔ ላይ ሰክቻት ነበር። እምቢ አለችኝ። ልክ እንደ ልጅሽ ዝም ያለች ናት፤ ኋላ ልጥላት ብል ልቤ እምቢ አለኝ» ብለው በእጄ ላይ አኖሯት።

ሱቁን ከፈትኩት። ፀደይ ፍላሿን ኮምፒውተሩ ላይ ሰካቻት። ልጄ በሦስት ከፍሎ አስቀምጦታል፤ «ጥሬው»፣ «የተፈታው»፣ «የታሰረው»። ደብተሩም መሳቢያ ውስጥ አለ። ፀደይ እያነበበች፣ እኔ እየጠየቅኩ፣ አንድ ሳምንት ፈጀብን። የገባኝን ልጻፍልህ፣ ከተሳሳትኩ አንተ ታርመኛለህ፣ አዋቂ ነህና።

የድርጅቱ ፋይል ሲመጣ አንድ ድፍን ነገር ነው። ከፍተህ ብታየው የማይነበብ ጉድ። ሠላሳ ሁለት ፊደልና ቁጥር ያለው ቁልፍ ሲሰጡት ግን እንደ ተፈታ ጥቅል ይበታተናል። ውስጡ ወፏ አለች፤ ድምፁ አለ፤ የቋንቋው ጽሑፍ አለ። ከሁሉ መካከል ደግሞ አንዲት ትንሽ ቁራጭ አለች። ሥራዋ ምን መሰለህ? ቲቪው በተከፈተ ቁጥር ወደ ድርጅቱ ቤት መልእክት ልካ «ልከፈት ወይ?» ብላ መጠየቅ። «ተከፈት» ካላሏት ወፏ ላይ ቆማ ትጠብቃለች። ካለፈው ክረምት በፊት አልነበረችም፤ በኔትወርክ ነው የላኳት። የእኛ አገር ኔትወርክ ደግሞ ስልክ ቢያስደውል እንኳ ኢንተርኔቱ ወር ሙሉ ይጠፋል። የሚመልስላት የለም።

ጎረቤቴ አመተ ማርያም ምግብ ቤቷ ውስጥ፣ በራሷ ብር የገዛችው ቲቪ እንዲበራ ሻርጃን ታስፈቅዳለች! ይህን ስሰማ ከሞተ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ተናደድኩ። ጥሩ ነገር ነው ንዴት። ያቆማል።

ልጄ ያቺን ቁራጭ ብቻ አውጥቶ፣ የቀረውን እንደነበረ አድርጎ መልሶ አስሮታል። ጽሑፉንም ወደ አማርኛ መልሶታል። የድርጅቱን አንድ ነገር አልወሰደም። «እማ፣ የታሰረ ሁሉ ይፈታል፤ ያሰረውም እንደኛው እጅ ያለው ሰው ነው» ይለኝ ነበር።

የአመተ ማርያምን ቲቪ የሞከርን እኛው ነን። ፍላሿን ከኋላው ሰክተን፣ የቲቪውን ማብሪያ ተጭነን ይዘን ጠበቅን። ወፏ መጣች። ቆመች። ከዚያ አለፈች። ፀደይ አፏን ይዛ ወደ ግድግዳው ዞረች። እስከ ዛሬ አራት ከፍተናል፣ ሃያ ሰባት ይቀራል።

አንድ ነገር ግን አልገባኝም። ያ ሠላሳ ሁለት ፊደል ቁልፍ በደብተሩ ላይ ሐሙስ ቀን ተጽፏል። ልጄ አስቦ ያገኘው አይመስልም፤ ሰው ሲነግረው የጻፈው ይመስላል። ፈጥኖ፣ ቆሞ፣ ስልክ በትከሻው ይዞ እንደሚጽፈው ነው።

የእናትህ ጉልበት እንዳለ ነው። ቤተ ክርስቲያን መሄድ ትታለች።

አክስትህ አልጣሽ


ሻርጃ፣ የካቲት 9 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለወይዘሮ አልጣሽ

ጤና ይስጥልኝ።

አክስቴ፣ የጻፍኩትን ያነበቡት አልመሰለኝም። ያቃጥሉ አልኩ፤ እርስዎ ሱቅ ከፈቱ። ይህ የቀበሌ ክርክር አይደለም። የባለ ብዙ ገንዘብ ድርጅት ንብረት ነው። በላሊበላ በኩል የሚከፈቱ ቲቪዎች እንዳሉ እዚህ ድረስ ተሰምቷል። የአዲስ አበባው ወኪል አጣርቶ እንዲመጣ ታዟል። እስር ሊኖረው ይችላል። ያቺን ልጅም፣ ፀደይንም፣ ከሥራዋ ያስወጧታል።

ሰው ስለሞተ ያደረገው ሁሉ ጽድቅ አይሆንም። የሰው ቁልፍ ይዞ የሰውን ሣጥን መክፈት በየትም አገር ሌብነት ነው፤ ምሥጋናውም ቢሆን ያው ነው። ይህን በማለቴ ይቅር ይበሉኝ፣ ግን የሚነግርዎ ሰው ያስፈልጋል።

ደግሞ ቲቪዎቹ ሁሉ ይቆማሉ የሚባለው ማጋነን ነው። ለእናቴ የላክሁላት ያው ወፏ ቲቪ ነው፤ አንድ ቀን ቆመብኝ አላለችኝም። ቅዳሴዋን በእሱ ነው የምትከታተለው።

ፍላሿ መቃጠሏን የሚገልጽ አንድ መስመር ብቻ እጠብቃለሁ።

ሙሉሃብት


ላሊበላ፣ የካቲት 30 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለሙሉሃብት ፈንታሁን

እግዚአብሔር ይመስገን፣ አለሁ።

አንድ መስመር ብለሃልና የምትጠብቃትን መስመር እነሆ። አልተቃጠለችም፣ አትቃጠልም።

ልጄን ሌባ ያልክበትን ቦታ አንብቤ ሦስት ቀን ብዕር አልያዝኩም። ብይዝ የምጽፈው እርግማን ነበር፤ እርግማን ደግሞ የእህቴን ማኅፀን ያገኛል ብዬ ተውኩት። አሁን ልቤ ተመልሷል።

ከተከፈቱት ቲቪዎች በአንዱ ላይ ፀደይ «ስለ መሣሪያው» የሚል ገጽ አገኘች። ከማውጫው መጨረሻ ነው፤ ሰው የማይደርስበት ቦታ። ልጄ እዚያ ላይ እንዲህ ብሎ ጽፏል፤

«ይህን የፈታ ምሥጋናው አረጋ፣ ላሊበላ። ቁልፉን ያገኘልን ሙሉሃብት ፈንታሁን፣ ሻርጃ። ወንድሜ፣ ተባረክ።»

ሌባ ካልክ፣ ሁለት ጻፍ።

ለማንም አልተናገርኩም። ፀደይም አፏ የታሰረ ነው። ሲመሽልህ ግን እንዲህ ብለህ ራስህን ጠይቅ። የሞተው ልጅ ስምህን ያኖረው በምስጋና ነው፤ አንተ ስሙን ያነሣኸው በምንድን ነው?

አልጣሽ


ሻርጃ፣ ሚያዝያ 6 ቀን 2017 ዓ.ም.

አክስቴ

ዛሬ የሕማማት ሰኞ ነው፤ ሰላምታ የለበትም። ባይሆንም ሰላም ለማለት ፊት አልነበረኝም።

ቁልፉን የሰጠሁት እኔ ነኝ። ፍተሻ ክፍል ስገባ በማየው ኮምፒውተር ላይ ነበር። አራት ዓመት እነዚያን ቲቪዎች ጭኜ፣ ካለፈው ክረምት ወዲህ ደግሞ ሊቆሙ እንደሚችሉ እያወቅኩ ወደ አገሬ ልኬአለሁ። ምሥጋናው «ሙሌ፣ አሮጊቶች ቲቪ በሸክም እያመጡ ሱቄ በር ላይ ይቀመጣሉ» ሲለኝ አንድ ሐሙስ በስልክ አነበብኩለት። ሁለት ጊዜ ደገምኩለት። ሲጽፍ እየሳቀ ነበር። እዚህ አገር ከመጣሁ ወዲህ የሠራሁት ጥሩ ነገር ቢባል ያ ነው። ያንኑ ነው ሌብነት ብዬ የጻፍኩልዎ።

ስሜን እንደሚጽፍ አልነገረኝም ነበር። ጽፎ ከጨረሰ በኋላ ነው የነገረኝ። «አጥፋው» ብዬ ጮህኩበት። «እሺ፣ ሳምንት» አለኝ። ሳምንቱን ታመመ። አክስቴ፣ የመጨረሻ ንግግራችን ጩኸት ነው። ለዚህ ነው ያልደወልኩት።

ከመጋዘኑ ሁለት ልጆች በጥርጣሬ ተባረዋል። የመኖሪያ ፈቃዴ በድርጅቱ ስም ነው። ከተገኘሁ በማግስቱ መውጣት ብቻ አይደለም፤ ከመውጣት በፊት እስር አለ። እናቴን የምጦራት እኔ ብቻ ነኝ። ስለ ሥራው አልከራከርዎትም፤ ልክ ነዎት። ስለ ራሴ ብቻ ነው የምለምነው። ወኪሉ ከፋሲካ በኋላ ይመጣል። ፍላሿን ያቃጥሉልኝ። ስለ ልጅነቴ ብለው።

ሙሉሃብት


ላሊበላ፣ ሰኔ 14 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሙሉሃብት

ሰማይን ያለ ባላ ያቆመ ጌታ አንተንም በሰው አገር ያቁምህ። የሕማማቱ ሰላምታ ተጠራቅሞ ይኸው አሁን ይድረስህ፤ ሁለት እጥፍ ነው።

ዝምታዬ ረዝሞ እንደ ቅያሜ ቆጥረኸው ይሆናል። ሥራ ላይ ነበርኩ።

ደብዳቤህን ለፀደይ አነበብኩላት። «አክስቱ ሆኜ አቃጥዪ ይለኛል፤ የምሥጋናው እናት ሆኜ አይሆንም እላለሁ። ሁለቱንም እንዴት ልሁን?» አልኳት። ኮምፒውተሩን ከፈተችና «እማማ፣ ይህን ያህልማ ቀላል ነው» አለች። «የተፈታው» የሚለውን ከፍታ ያችን ጽሑፍ አወጣች። «የት ቦታ ልንካ?» አልኳት። አሳየችኝ። በአንድ ጣቴ፣ ፊደል በፊደል፣ ከመጀመሪያው ወደ መጨረሻው እየሄድኩ ስምህን አጠፋሁት። ልጄ የጻፈውን ነው የማጠፋ፤ ቀላል እንዳይመስልህ። «ተባረክ» ላይ ስደርስ እጄን አነሣሁ። ፀደይም አልቸኮለችብኝም። ኋላ እሷም ጠፋች።

ባዶ እንዲቀር ግን አልወደድኩም። ፊደሎቹን እየፈለግኩ፣ ግማሽ ቀን ፈጅቶብኝ፣ እንዲህ ጻፍኩ፤

«ይህን የፈታ ምሥጋናው አረጋ። ቁልፉን የያዘች እናቱ አልጣሽ አእምሮ፣ ላሊበላ።»

ፀደይ መልሳ አሰረችው። ከዚያ፣ የየካቲቱ ደብዳቤህ ከደረሰኝ ወዲህ ሌላ አልከፈትንም ነበርና፣ ያንተ ስም ያለባቸውን አራቱን ቲቪዎች ቤት ለቤት ዞሬ እንደገና ጫንኩባቸው። አንዱ ኩልመስክ ሄዶ ነበር፤ እዚያም ድረስ ሄጃለሁ። አሁን ስምህ በዚህ አገር ያለው በእናትህ አፍና በእኔ ልብ ነው።

ስለ እናትህ አንድ ነገር አለ። አራቱን እንደጨረስኩ፣ ከብልባላ በአህያ መጣች። ያን ጉልበቷን ይዛ! ከአህያዋ በአንድ ጎን ጭድ የሞላ ስልቻ፣ በሌላው ጎን በጋቢ የተጠቀለለ ሰፊ ነገር። ስንፈታው ያንተ ቲቪ ነው።

«ከመቼ ወዲህ ነው የቆመብሽ?» አልኳት።

«ከገና ወዲህ።»

«ልጅሽ ይሠራል ብሎ ጽፎልኛል እኮ!»

«ልጄ ከዚያ አገር የላከውን ተበላሸ ብዬ ልቡን ልስበረው? ሲደውል ጎረቤቶቼ ከስልካቸው ጋር ሬዲዮም ያመጡልኛል፤ ከስልኩ አጠገብ እከፍተዋለሁ። ቅዳሴውን ይሰማል፣ ደስ ይለዋል» አለችኝ። ከዚያ ዘወር ብላ ሱቁን አየችና «ለመሆኑ አንቺ ከመቼ ወዲህ ነው ባለሙያ የሆንሽው? በልጅነታችን የመብራት ክር መለወጥ እንኳ ትፈሪ አልነበር!» ብላ ሳቀችብኝ።

በእጄ ሰካሁት። ወፏ መጣች፣ ቆመች፣ አለፈች። እናትህ ካለችበት ሳትነሣ አማተበች። እንግዲህ ልጄ፣ አንተ አቃጥዪው ያልከው ይኸንን ነው። ሳታውቀው ነው፤ አልወቅስህም።

ወኪሉ የመጣው ግንቦት ውስጥ፣ በአውሮፕላን ነው። ሸሚዙ ንጹሕ፣ ቦርሳው በትከሻው። መጀመሪያ አመተ ማርያም ምግብ ቤት ገብቶ ሽሮ አዞ፣ ሽሮው እስኪደርስ ቲቪዋን ነካክቷል። ከዚያ ስሜ ያለበትን ገጽ በስልኩ አንሥቶ፣ ፎቶውን እያየ ሱቁን ፈልጎ መጣ።

«አልጣሽ አእምሮ የሚባለው ቴክኒሻን የታለ?»

«የሚባለው ሳይሆን የምትባለው። እኔ ነኝ።»

ከላይ እስከ ታች አየኝ። ከል ነው የለበስኩት፤ ፀጉሬ ገና አላደገም። ሳቀ። «እናቴ፣ አይቀልዱ።»

«ከል ለብሼ አልቀልድም። ተቀመጥ።»

ፊቱ ላይ አንድ ከፈትኩለት። በዝግታ ነው የምሠራ፤ እንደ ጽሕፈቴ ነው። አላቋረጠኝም። ቲቪው በአማርኛ ሲናገር ወደ ፊት ጠጋ ብሎ አነበበው።

«ቁልፉን ማን ሰጠዎት?»

«ልጄ።»

«ለልጅዎስ ማን ሰጠው?»

«እሱን ራሱን ጠይቀው። መንገዱን አሳይሃለሁ፤ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ነው፣ ሣር ገና አልበቀለበትም።»

ዓይኑን ሰበረ። መጥፎ ልጅ አይደለም፤ እንጀራው ነው። «ይህ እኮ የድርጅቱ ንብረት ነው» አለ።

«ቲቪዎቹስ? ተሸጠዋል ወይስ አልተሸጡም?»

«ተሸጠዋል።»

«እኛ አገር ላም የሸጠ ሰው ገመዷን ይዞ አይቀርም። እናንተ ላሟን ሸጣችሁ፣ ገመዷን ሻርጃ አስራችሁ፣ ባሻችሁ ጊዜ ትስባላችሁ። ልጄ ገመዱን ቆረጠ። ላሟን አልነካም።»

«ሪፖርት ማድረጌ አይቀርም፣ እናቴ።»

«አድርግ። ስሜን ከነአባቴ ጻፍ። ፎቶም አንሣኝ፤ ቲቪው ከኋላዬ ይታይ።»

አነሣኝ። እኔም ቀና ብዬ ቆምኩለት። ሲወጣ በሩ ላይ ተመለሰና «ኔትወርክ በጠፋ ጊዜ ወፏ ላይ እንደሚቆም እኔም ጽፌላቸው ነበር። አልመለሱልኝም» ብሎኝ ሄደ።

እስካሁን የጠየቀኝ የለም። ቢመጡም ቤቴን ያውቁታል። ፍርድ ቤት ቢጠሩኝ ስማቸውን በፕላስተር የለጠፉትን ሠላሳ አንዱን ባለ ቲቪ ይዤ እቀርባለሁ። ከእኔ የሚወስዱት ምን አለ? ልጄን መንገድ ላይ አጥቻለሁ። ሥራውን ግን በራሴ እጅ እሳት ውስጥ አልከትም፤ ለድርጅት ብዬም፣ ለአንተም ብዬ ቢሆን፣ ማረኝ።

የሚቆጨኝ አንድ ነገር ነው የቀረው። ልጄ ለአንተ ያስቀመጠውን ምስጋና እኔ አጥፍቼዋለሁ። ዕዳው ከእኔ ላይ እንዲወርድ እዚህ ገልብጬልሃለሁ፤ የእሱ ቃል ነው፣ አንድ ፊደል አልቀነስኩም።

«ቁልፉን ያገኘልን ሙሉሃብት ፈንታሁን፣ ሻርጃ። ወንድሜ፣ ተባረክ።»

አንብባት። ደግመህ አንብባት። እሱ ሲጮኹበት የሚቀየም ልጅ አልነበረም፤ «እሺ፣ ሳምንት» ካለህ ስቆ ነው ያለህ፣ እኔ አውቀዋለሁ። ይህችን በፎቶ ሳይሆን ወረቀቷን ራሷን በሰው እጅ ልኬልሃለሁና፣ ከዚያ ይህችን ገጽ አቃጥላት። አንተ ሦስት ጊዜ አቃጥዪ ብለኸኝ ሦስቴም እምቢ አልኩህ፤ እኔ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የማዝህ፣ እሺ በለኝ።

እዚህ ላይ ላቁም። ከሠላሳ አንዱ ሁለት ብቻ ቀርተውኛል ልልህ ነበር፤ አሁን ግን በሩ ላይ ቲቪ በጀርባዋ ያዘለች ሴት ቆማ «አልጣሽ ቴክኒሻኗ እዚህ ናት?» እያለች ነው።

አክስትህ
አልጣሽ አእምሮ
ምሥጋናው ቲቪ ጥገና፣ ላሊበላ